ሁለት ሰማይ የዘጋው ሰርግ

ጥላሁን ላስ ቬጋስ ውስጥ ሃያ አራት ዓመት ሲኖር አንድ ቀን እንኳ ቁማር አልተጫወተም። ይህን እንደ ጽድቅ የሚቆጥሩለት ወዳጆች አሉት። ጽድቅ አይደለም፤ ወንበር ሲሸከም ጊዜ አጥቶ ነው። ስትሪፕ በሚሉት የካዚኖ ጎዳና ላይ ባለ አንድ ትልቅ ሆቴል ውስጥ የግብዣ አዳራሽ ያሰናዳ ነበር። ጠረጴዛ ይዘረጋል፣ መድረክ ያቆማል፣ ምንጣፍ ይጠርጋል፤ ሰው በልቶ ጨፍሮ ሲወጣ ያቆመውን ሁሉ መልሶ ያፈርሳል። ሆቴሉ ለዚህ ሥራ ሦስት ቃል ያለው የማዕረግ ስም አውጥቶ ደረቱ ላይ ለጥፎለታል። የካፒታል ነገር እንዲህ ነው፤ ደሞዙን ሲያሳጥር ማዕረጉን ያስረዝማል።

ከግብዣ ሁሉ የሂንዱ ሰርግ ይወድ ነበር። ሂንዱዎች ከካሊፎርኒያም ከቴክሳስም ተነሥተው እዚህ እየመጡ ይዳራሉ፤ ቅዱስ ቃል ኪዳን ለማሰር ከቁማር ማሽን ጎን ያለ አዳራሽ ለምን እንደመረጡ እነሱ ይጠየቁ። ጥላሁን የቫኪዩሙን ገመድ በክንዱ ጠቅልሎ ከግድግዳ ሥር እየቆመ፣ ካህኑ ለእንግዶች በእንግሊዝኛ የሚያብራራውን ሲለቅም ሃያ ዓመት ሞላው። በመጨረሻ ዲግሪ የያዘ ይመስል ማስተማር ጀመረ።

"አራቱ የዳሱ ምሰሶዎች" ይላል፣ ሰው ጠየቀውም አልጠየቀውም፣ "የሁለቱ ወገን አራት ወላጆች ናቸው። በሙሽሮቹ መካከል የሚጋረደው ጨርቅ እስከዚያች ደቂቃ ባዕዳን መሆናቸውን ይናገራል። የልብሳቸው ጫፍ የሚቋጠረው ከእንግዲህ አንዱ ሲሄድ ሌላው እንዲከተል ነው። ሙሽሪት ድንጋይ የምትረግጠው እንደ ድንጋይ እንድትጸና ነው። እሳቱ ደግሞ ምስክር ነው።"

እሳት ጥሩ ምስክር መሆኑን መካድ አይቻልም። ጉቦ አይበላም፣ ችሎት ፊት ቃሉን አይለውጥም፣ አገር ጥሎም አይጠፋም። እኛ ያሳደግናቸው ምስክሮች ሦስቱንም ያደርጋሉ።

ጥላሁንን በጣም የሚያስቀው ከምዕራብ ሕንድ የመጡት የጉጅራቶቹ ልማድ ነበር። እነሱ ዘንድ ሙሽራው በር ላይ ሲደርስ የሙሽሪት እናት ልትቀበለው ትወጣና አፍንጫውን ለመያዝ ትሞክራለች። ሙሽራው ይሸሻል፣ ጓደኞቹ ይከልሉታል፣ ሴቶቹ ይስቃሉ። ትርጉሙ ግን ቀልድ አይደለም፤ የመጣኸው ልጄን ልትለምን ነውና አፍንጫህን ዝቅ አድርግ ማለት ነው። በእኛ ዘንድ ይህ ነገር ሦስት ሽማግሌ፣ ሁለት ቀጠሮና አንድ የማያልቅ ንግግር ይፈጃል፤ ጉጅራቶች በሁለት ጣት ይጨርሱታል።

ሚስቱ ዕንቁ በዚያው ሆቴል ምድር ቤት ውስጥ ልብስ አጣቢ ነበረች። ባልየው ሰርጉን ከላይ በዓይኑ ያያል፤ ሚስትየው ከታች በእድፉ ታውቀዋለች። የጠረጴዛው ጨርቅ በጋሪ ተቆልሎ ሲወርድላት ቢጫው እርድ ነው፣ ቀዩ ሙሽራው በሙሽሪት የፀጉር መክፈያ መስመር ላይ የሚቀባው ዱቄት ነው፣ አልለቅ የሚለው ቅባት እሳቱ ላይ የሚንጠባጠበው ንጥር ቅቤ ነው። እቤት ሲገናኙ እሱ ያየውን ይነግራታል፣ እሷ ያጠበችውን ትነግረዋለች። ሃያ ዓመት በአንድ ጣራ ሥር ሠርተው አንድ ሰርግ አብረው አላዩም።

የራሷ ሰርግ የዲቪ ፎርም ነበር። ዕጣው የወጣለት ጥላሁን የጋብቻ ወረቀት ሲያስፈልገው፣ በሕክምና ምርመራና በፎቶግራፍ ቀጠሮ መካከል ማዘጋጃ ቤት ገብተው ፈረሙ። እናቷ ደሴ ነበሩ፤ አልደረሱም። ከዚያም በኋላ አልተያዩም። "እኔን ማንም አልሰጠኝም፤ ራሴ ተነሥቼ ነው የሄድኩት" ትል ነበር ዕንቁ። ቀልዷን ነው ይላል ጥላሁን። ሰው ሲቀልድ ዓይኑን በሻሽ ጫፍ አይጠርግም።

አንዲት ልጅ አለቻቸው፤ ሐሌሉያ። እዚሁ ተወልዳ፣ እዚሁ ተምራ፣ ጥርስ ሐኪም ቤት ትሠራለች። ዩኒቨርሲቲ ውስጥ ከኒራቭ ጋር ተዋወቀች። ኒራቭ ቀጭን፣ ይሉኝታ የሚያጠቃው፣ ኮምፒውተር ላይ የሚውል ልጅ ነው፤ ወላጆቹ አሊያንቴ በሚባለው የከተማዋ ሰሜን ሰፈር የሚኖሩ ጉጅራቶች ናቸው። ነገሩ በይፋ ሲሰማ የሰንበቴዋ አለቃ ፋንታዬ ፓራዳይዝ ሰፈር ወዳለው አፓርትማቸው መጥታ ሳትቀመጥ ጀመረች።

"ሐሌሉያ ብለህ ስም አውጥተህ ለእሳት ልትሰጣት ነው?"

"እሳት አይደለም የሚወስዳት፣ ኒራቭ ነው" አላት ጥላሁን።

"አንተማ ድሮም ከነሱ አዳራሽ አትወጣም ነበር።"

"ደሞዝ ይከፍሉኝ ነበራ፤ ሰንበቴው ይከፍለኛል እንዴ?"

ዕንቁ አንድ ነገር ብቻ ተናገረች። "በነሱም ወግ ይሁን በኛ፣ እጇን የምሰጠው እኔ ነኝ። በገዛ እጄ። ሌላውን እናንተ ተጨቃጨቁበት።"

ይህን የእጅ መስጠት ነገር ሂንዱዎች ካንያዳን ይሉታል፤ ልጃገረድን መስጠት ማለት ነው። የታጠፈች በራሪ ወረቀት ካልሲ ውስጥ ደብቀን ባነበብንበት ዘመን ቢሆን "ሴትን እንደ ርስት የሚያስተላልፍ የፊውዳል ቅሪት" ብለን በአንድ መስመር እንገላገለው ነበር። ዛሬም ብንለው ውሸት አይሆንም። ወረቀቱ ያልጻፈው ግን አንድ ነገር አለ፤ ማንም ሳይሰጣት የሄደች ሴት ልጇን መስጠት ለምን እንደዚያ እንደሚርባት።

ከዚያ በፈረንጆቹ 2020 መጣ፤ ኮሮናም አብሮት። በመጋቢት ከተማዋ ተዘጋች፤ መብራቷን ለማንም እያበራች ባዶዋን ቆመች። ሆቴሉ ባልና ሚስቱን በአንድ ቀን በኢሜይል አሰናበታቸው፤ ደብዳቤው "ውድ የቤተሰባችን አባላት" ብሎ ይጀምራል። በሰኔ ቁማርተኛ ተመልሶ አንሶላ መቆሸሽ ሲጀምር ዕንቁ ወደ ምድር ቤት ተጠራች። ጥላሁን አልተጠራም፤ ሰርግ የለማ። በሐምሌ ሳል ጀመራት። ሠላሳ አንድ ቀን ሆስፒታል ተኛች፤ ጥላሁን መኪና ማቆሚያው ውስጥ ሆኖ የሕንፃውን መስኮት ሲቆጥር ከረመ። ስትወጣ አፍንጫዋ ላይ ቱቦ ነበረ፤ ሳሎኑ ውስጥ ሌሊትና ቀን የሚያጉረመርም የኦክስጅን ማሽን ገባ።

በኅዳር አጋማሽ ሐኪሙ በስልክ መስኮት ብቅ አለ። ደግ ሰው ነው፤ ደግነቱ ነገሩን አላሳመረውም። "ሳንባዋ ጠባሳ ሆኗል። ጠባሳ አይመለስም። የምታስቡት ነገር ካለ አታቆዩት። ጸደይን ቃል ልገባላችሁ አልችልም።"

በማግስቱ የኒራቭ እናት ካልፓና ደወለች። ካህናቸውን ፓንዲት ጆሺን ጠይቃለች፤ በዓመቱ ለሰርግ የተባረከው የመጨረሻ ቀን ዲሴምበር 11 ነው። ሁለት ሳምንት አለ። ሰውም ቢሆን ከአሥር በላይ መሰብሰብ ስለማይቻል ድግስ አያስፈልግም።

"እናድርገው" አለ ጥላሁን።

"በጾም?" አለች ዕንቁ።

የነቢያት ጾም ከገባ ሦስተኛ ቀኑ ነበር።

"ዕንቁ፣ ሐኪሙ ምን እንዳለ ሰምተሻል።"

"ሰምቻለሁ። ሳንባዬ ነው ጠባሳ የሆነው፣ ጆሮዬ አይደለም። የእሳቱን ነገር ተቀብያለሁ፣ የፋንታዬን ምላስ ተቀብያለሁ። በጾም ልጅ ዳረች ግን አልባልም። ገና ሲፈታ በጥር እንድራታለን፤ የሰርግ ወር አይደል እንዴ ጥር?"

እንግዲህ ጥፋቱ ይኸው ነው። ኢትዮጵያዊ ብቻ የሚያጠፋው ጥፋት። ጥር ሲባል ሰማይ ራሱ ነጭ የለበሰ ሁሉ ይመስለናል፤ አዳራሽ ይጠፋል እንጂ ቀን ይጠፋል ብሎ የሚያስብ ሐበሻ አልተወለደም። ጥላሁን፣ ሃያ ዓመት የሂንዱ ሰርግ ያጠናው ሊቅ፣ አንድ ጥያቄ አልጠየቀም። ድንጋዩ ምን ማለት እንደሆነ ያውቃል፣ ጨርቁ ምን ማለት እንደሆነ ያውቃል፤ በጥር ስንት የሂንዱ ዳስ አቁሞ እንደሚያውቅ ግን አላሰበም። ለካልፓና "ከጃንዋሪ 7 በኋላ በተመቻችሁ ቀን" ብሎ መለሰላት። ጨዋይቱ ካልፓናም የታማሚ ቤተሰብ ማስጨነቅ መስሏት ዝም አለች።

ገና አለፈ። ጥላሁን ለፓንዲት ጆሺ ራሱ ደወለ።

"ጃንዋሪ? የለም" አሉት ፓንዲቱ።

"የለም ማለት?"

"እስከ አሥራ አራት ፀሐይ መጥፎ ቤት ውስጥ ናት። ከዚያ ጁፒተር ይሰወራል። ጁፒተር ሲመለስ ቬነስ ትሰወራለች። ሁለቱ የጋብቻ ጠባቂዎች ናቸው፤ ከፀሐይ ተጠግተው ሳይታዩ ሰርግ አይደረግም። ኤፕሪል 22 የመጀመሪያው ቀን ነው።"

ቬነስ ማለት እኛ የአጥቢያ ኮከብ የምንላት ናት። ጥላሁን ስልኩን ዘግቶ ግድግዳው ላይ ካለው የቤተ ክርስቲያን ካሌንደር ፊት ቆመ። ኤፕሪል 22፣ ሚያዝያ 14፣ ዐቢይ ጾም። ፋሲካ ሜይ 2 ነው። ሁለቱ ሰማያት በአንድ ላይ ክፍት የሚሆኑበት የመጀመሪያው ቀን ከፋሲካ ወዲያ ነው። ሂንዱው ሲከፍት ኦርቶዶክሱ ይዘጋል፣ ኦርቶዶክሱ ሲከፍት ሂንዱው ኮከቡን ይደብቃል። ሁለት የመንግሥት መሥሪያ ቤት እንኳ እንዲህ ተናበው ሰው አያንገላቱም። በመካከላቸው አንዲት ልብስ አጣቢ በደቂቃ አራት ሊትር ኦክስጅን እየሳበች ትጠብቃለች።

ጥላሁን መለመን ጀመረ። በየቀኑ ለፓንዲቱ ይደውላል። ሌላ ካህን በሂዩስተን፣ ሌላ በኒው ጀርሲ ፈልጎ ደወለ፤ ሁሉም ያንኑ ኮከብ ያያሉ። ወደ ቄሱም ሄዶ "በጾም ብትሆንስ?" አላቸው፤ ቄሱ ከጭምብላቸው በላይ ባሉት ዓይኖች አይተውት "ልጄ፣ እኔ ጾሙን አላወጣሁትም" አሉት። እንዲህ ያለ መልስ ከሁሉ ቢሮ ይገኛል፤ ሕጉን ያወጣው ሰው ግን የትም ቢሮ የለም።

ሐሌሉያ ደግሞ በሌላ በኩል መጣች። አንድ ከሰዓት ከእናቷ አጠገብ አልጋው ላይ ተቀምጣ፣ "ማሚ፣ ኮርት ሃውስ እንሂድ፤ ሃያ ደቂቃ ነው። ፕሊስ" አለቻት።

"እኔ የሄድኩበት ዓይነት ነው?"

"ምንም ዲፈረንስ የለውም። ደግሞ እኔ ዕቃ አይደለሁም፤ ማንም ሰው ጊቭ አያደርገኝም።"

"ዕቃ ብትሆኚማ በፖስታ እልክሽ ነበር" አለች ዕንቁ። ለመሳቅ ሞክራ ሳሉ ቀደማት። ሳሉ ሲተዋት የልጇን እጅ ያዘች። "ስሚ። አባትሽ ነግሮኛል፤ እጅሽን አውጥቼ እጁ ላይ ሳኖር ውኃ ይፈስበታል፣ ውኃው ስጦታውን ያጸናዋል። ከዚያ በኋላ ሰው ይቺ ልጅ ከየት መጣች ሲል፣ ከእናቷ እጅ ይባላል። እኔ ከየት እንደመጣሁ አንድ ማኅተም ነው የሚያውቀው።"

ሐሌሉያ ትራሱን አስተካከለችላት። ለዚህ እንግሊዝኛዋም አልበቃም።

ቀኑን ያገኘችው ዕንቁ ናት። ጃንዋሪ ሊያልቅ ሲል፣ ጥላሁን ስልክ ይዞ ሳሎኑን ሲዞር፣ ከአልጋዋ ጠራችው።

"በየዓመቱ፣ ብርዱ ሊወጣ ሲል፣ ሁሉ ነገር ቢጫ ሆኖ የሚወርድበት ቀን ነበር። ጨርቁ ቢጫ፣ የአበባው ጭማቂ ቢጫ። ቅዳሜ እሑድ አይደለም፤ ማክሰኞም ረቡዕም ይሆናል። ሰው ሥራ ጥሎ በሥራ ቀን የሚዳረው ቀኑ ትልቅ ቢሆን ነው። ምንድነው እሱ?"

ጥላሁን አዳራሹን አስታወሰ፤ ቢጫ መጋረጃ፣ ቢጫ ወንበር። ትርጉሙን ግን ያን ቀን ካህኑ ሲያብራራ ሌላ አዳራሽ ተልኮ ኖሯል። መኪናውን አስነሥቶ አሊያንቴ ድረስ ነዳ። ፓንዲት ጆሺ ሰው ወደ ቤት አያስገቡም ነበር፤ በረንዳው ላይ እሳቸው፣ ከደረጃው በታች እሱ ቆመው በጭምብል ውስጥ ተጯጯሁ።

"ቫሳንት ፓንቻሚ" አሉ ፓንዲቱ። "ጸደይ የምትገባበት አምስተኛ ቀን። ፌብሩዋሪ 16።"

"ያ ቀን ኮከብ ይፈልጋል?"

ፓንዲቱ ጭምብላቸውን አስተካከሉ። "ብዙዎች ያ ቀን ራሱ የተባረከ ስለሆነ ስሌት አይጠይቅም ይላሉ። ዘንድሮ ግን ቬነስ የምትሰወረው በዚያው ሳምንት ነው። አንዳንዱ ይፈቅዳል፣ አንዳንዱ አይፈቅድም።"

"እርስዎስ?"

"እኔ የምጠነቀቅ ሰው ነኝ።"

"አባቴ" አለ ጥላሁን፣ እንግሊዝኛው ጠፍቶት ይሁን ሆን ብሎ ባይታወቅም በአማርኛ፤ ከዚያ ወደ እንግሊዝኛ ተመለሰ። "ሃያ ዓመት የእናንተን ዳስ በዚህ ትከሻ አቁሜያለሁ። አንድ ቀን ስጡኝ።"

"ሚስትህ እስከዚያ ትቆያለች?"

"ቀን ከሰጡን ትቆያለች። የምትጠብቀው ነገር ካላት ትቆያለች።"

ፌብሩዋሪ 16 የካቲት 9 ነው። ጾም የለበትም። ፓንዲቱ ቀኑን ሰጡ።

ዕንቁም ቆየች፤ በምን ኃይል እንደሆነ ሐኪሙም አልገባውም። ፌብሩዋሪ 11 ቀን ትንፋሿ ተቆራርጦ በአምቡላንስ ተወሰደች። አራት ቀን ሆስፒታል ከከረመች በኋላ፣ ሐኪሞቹ አትውጪ ሲሏት "በራሴ ፈቃድ" የሚል ወረቀት ፈርማ ወጣች። ፊርማዋ ከመስመሩ ወጥቶ ተንጋድዶ ነበር።

ማክሰኞ ዕለት ጥላሁን በአፓርትማው ግቢ፣ ውኃው ከተደፋ የመዋኛ ገንዳ አጠገብ፣ ከፕላስቲክ ቧንቧ አራት ምሰሶ አቆመ፤ ቢጫ ጨርቅ ጠመጠመበት። እሳቱ የሚነድበትን የመዳብ ሣህን ከመስተዋት በሩ ሃያ እርምጃ አርቆ አኖረ፤ ኦክስጅን ባለበት እሳት ማንደድ አደጋ ነውና። የአፈጻጸሙን ቅደም ተከተል ከፓንዲቱ በላይ ያውቀዋል፤ እጅ መስጠቱ ከእሳቱ ይቀድማል። ዕንቁ በተሽከርካሪ ወንበር ትወጣለች፣ ትሰጣለች፣ ወደ ውስጥ ትገባለች፤ ከዚያ እሳቱ ይለኮሳል። የተባረከው ቀን በዚህ ከተማ ሰዓት ከቀኑ አሥር ሰዓት ከሩብ ላይ ያልቃል። ለጠዋት ታስቦ ነበር፤ ዕንቁ ግን ጠዋቱን በሙሉ ትንፋሽ ስታሳድድ ቆይታ ስትወጣ ዘጠኝ ሰዓት ተኩል ሆነ።

ፋንታዬም መጣች። "ኃጢአቱን ከአጥር ውጭ ሆኜ ልይ" ብላ ነበር የመጣችው፤ ትንሿን የኦክስጅን ጋን የሚሸከም ሰው ሲጠፋ ግን ነጠላዋን አደግድጋ ገባች። እስከ መጨረሻው ጋኑን እንደ ሕፃን አቅፋ ከዕንቁ ጀርባ አልተነቃነቀችም።

ኒራቭ በሩ ላይ ደረሰ። ጭምብሉን አወለቀ። ካልፓና "አሁን!" ብላ ጮኸች። ዕንቁ እጇን አነሣች፤ ከጉልበቷ አንድ ስንዝር ብቻ ተነሣ። በልማዱ ሙሽራው መሸሽ ነበረበት። ይህ ይሉኝታ የገደለው ልጅ ተንበረከከ፤ አፍንጫውን አምጥቶ በጣቶቿ መካከል አኖረው።

"ያዝኩህ" አለች ዕንቁ።

"አዎ፣ እማዬ" አላት። ሐሌሉያ ያስተማረችው ሁለት ቃላት ናቸው።

ዳሱ ሥር ተቀመጡ። ነጩ ጨርቅ በመካከላቸው ተጋረደ፤ ፓንዲቱ ዘመሩ፤ ጨርቁ ወረደ። እንደ ልማዱ አባት እጅ ይሰጣል፣ እናት ውኃ ታፈሳለች። ዕንቁ ግን አስቀድማ ተናግራ ነበር፤ ውኃው የጥላሁን ነው፣ እጁ የእሷ ነው። የቬነስን መሰወር አይተው ያለፉት ፓንዲት ይህን ለመከልከል አቅም አልነበራቸውም።

ዕንቁ የልጇን ቀኝ እጅ ይዛ ወደ ኒራቭ እጅ ወሰደች። ጥላሁን የውኃውን ማሰሮ ይዞ ጎንበስ አለ። ፓንዲቱ ራሳቸውን ነቀነቁ፤ አሁን ልቀቂ ማለታቸው ነው።

አልለቀቀችም።

"ዕንቁ" አለ ጥላሁን።

"ቆይ።"

ፓንዲቱ ሰዓታቸውን አዩ። አሥር ሰዓት ሊሆን አምስት ደቂቃ ቀርቶታል። አውሮፕላን በላያቸው አለፈ፤ ድምፁ እስኪርቅ ሁሉም ጠበቁ። አውሮፕላኑ ከሄደም በኋላ እጇ እንደ ነበረ ነው።

"ማሚ፣ ኢትስ ኦኬይ" አለች ሐሌሉያ፣ እንባዋ እርድ በተቀባው ፊቷ ላይ መንገድ እየቀደደ። "ካልፈለግሽ እንተወው። አልሄድም።"

"ዝም በዪ አንቺ።"

ጥላሁን ወደ ጆሮዋ ተጠጋ። "ልቀቂያት። ይህን ቀን ብለሽ አይደል ከሆስፒታል የወጣሽው?"

"ነው" አለች፣ በሁለት ትንፋሽ መካከል። "ከዚህ በኋላ ምን እጠብቃለሁ፣ ጥላሁን?"

ለጨርቁ ትርጉም ነበረው፣ ለድንጋዩ ትርጉም ነበረው፣ ለቢጫው እንኳ ኋላ አገኘለት። ለዚህ አልነበረውም።

"ፋሲካን" አላት።

"አትዋሽ።"

"ሐሌሉያ ስትወልድ..."

"አትዋሽ አልኩህ።" ጣቶቿ ጠበቁ፤ የልጅቱ እጅ ነጣ። ይህን ሁሉ ወር አምስት ፓውንድ ማንሣት ያቃታት እጅ ነው። "ካልሰጠኋት ገና አላለቀም። ካልሰጠኋት ነገም አለ።"

ፋንታዬ ጋኑን እንዳቀፈች ፊቷን ወደ ቧንቧው ምሰሶ አዞረች። ካልፓና አፏን በሳሪዋ ጫፍ ያዘች፤ አማርኛ አታውቅም፣ ሁሉም ገብቷታል። ኒራቭ እጁን ዘርግቶ እንደ ተቀማጭ ሐውልት ሆነ። አሥር ሰዓት ሞላ፤ አሥር ሰዓት ከአምስት ሆነ። ፓንዲቱ በዝግታ፣ ከዚህ በፊት ባልተናገሩት ድምፅ፣ "ጌታዬ፣ ጊዜው" አሉ ጥላሁንን።

እዚህ ላይ ማላገጥ ይቻል ነበር። አንድ ባል፣ አንድ ኮከብና አንድ ሰዓት በአንዲት ሴት ላይ ሲተባበሩ ከማየት በላይ ለማላገጥ የሚመች የለም። ጥላሁንን ያየው ግን አያላግጥም።

ማሰሮውን መሬት ላይ አኖረ። ተንበርክኮ የሚስቱን እጅ በሁለት እጁ ያዘ። መጀመሪያ አውራ ጣቷን አነሣ። ጥፍሯ ሰማያዊ ነበር። አልታገለችውም፤ አላገዘችውምም። ዓይኗን ዓይኑ ላይ ተክላ አየችው። ሌባ ጣቷን አነሣ። መካከለኛው ተመልሶ ታጠፈ፤ እንደገና አነሣውና በራሱ ጣት ያዘው። "ይቅር በዪኝ" ይላል በየጣቱ፤ "ይቅር በዪኝ፣ ይቅር በዪኝ።" የቀለበት ጣቷን፣ በመጨረሻም ትንሿን። የሐሌሉያ እጅ ሲወጣ የእናቷ አምስት ጣት ምልክት ነጭ ሆኖ ቀርቶበት ነበር፤ ኒራቭ እጅ ውስጥ ከገባ በኋላ ነው ደም የተመለሰበት።

ጥላሁን ውኃውን አፈሰሰ። ግማሹ ምንጣፉ ላይ ፈሰሰ። ፓንዲቱ የሚሉትን አሉ። አሥር ሰዓት ከአሥራ አንድ ነበር።

"አስገባኝና እሳቱን አብሩላቸው" አለች ዕንቁ።

ወንበሩን እየገፋ አስገባት፤ ፋንታዬ ጋኑን ይዛ ተከተለች። ቱቦውን ወደ ትልቁ ማሽን አዛወሩት፤ የመስተዋት በሩን ዘጉ። ጥላሁን ሙሽሮቹ እሳቱ ዘንድ የሚራመዱትን ሰባቱን የቃል ኪዳን እርምጃ እንድታይ ወንበሩን ወደ መስተዋቱ አዞረላት። ውጭ ጭሱ ተነሣ።

"ወደዚያ አዙረኝ" አለችው።

"አታያትም?"

"አዙረኝ።"

ወደ ግድግዳው አዞራት። ጥላሁን ሚስቱ ጎን መሬት ላይ ተቀመጠ፤ ሊይዛት ሲል እጇን ሳበችና ጭኖቿ መካከል ከተተችው። በመስተዋቱ በኩል ፓንዲቱ እርምጃ ሲቆጥሩ ይሰማል፤ አንድ ለእህል፣ ሁለት ለኃይል፣ ሦስት ለሀብት። ሦስተኛው ላይ ማሽኑ ድምፁን ከፍ አደረገና የቀረውን ሸፈነው።